«ሆንዛ»፣ «ዩሃኒ» እና «ጃኒ» ከአያታችን ስም ከዮሐንስ ጋር አንድ ናቸው?

የሱሉልታ ልጅ (ጠያቂ)

ጤና ይስጥልኝ። የማቀርበው ጥያቄ የቤተሰብ ጉዳይ ይመስላል፤ መልሱ ግን የቋንቋና የታሪክ ዕውቀት የሚጠይቅ ስለሆነ ወደ እናንተ አምጥቼዋለሁ።

ሱሉልታ ከአያቴ ጋር እኖራለሁ። እማማ ዕድሜያቸው ሰማንያን ያለፈ፣ እስከ ዛሬ ድረስ የላሞቹን ወተት ራሳቸው ቆመው ካላስለኩ እንቅልፍ የማይወስዳቸው ሴት ናቸው። ባለቤታቸው፣ ማለትም አያታችን ዮሐንስ፣ ካረፉ ስድስት ዓመት ሆኗቸዋል። ተዝካራቸው ላይ ልጆችና የልጅ ልጆች ተሰብስበን ስማቸው ከቤቱ እንዳይጠፋ ቃል ተገባብተን ነበር። ከዚያ ወዲህ ፕራግ ያለው ወንድሜ፣ ሄልሲንኪ ያለችው የአክስቴ ልጅና ቶሪኖ ያለው የአጎቴ ልጅ ተከታትለው ወንድ ልጅ ወለዱ፤ ሦስቱም «የአያታችንን ስም አውጥተንለታል» ብለው ደወሉ።

በየእሁዱ ከቅዳሴ መልስ ቡና ሲፈላ ስልኩን ረከቦቱ ላይ አስደግፌ በምስል አገናኛቸዋለሁ። ባለፈው እሁድ የፕራጉ ሕፃን ሲያለቅስ እናቱ ከበስተኋላ «ሆንዛ! ሆንዚክ!» እያለች ስታባብለው ተሰማ። እማማ ሲኒያቸውን አስቀምጠው «ማንን ነው የምትጠራው?» አሉኝ። ልጁን መሆኑን ነገርኳቸው። የሄልሲንኪው «ዩሃኒ»፣ የቶሪኖው «ጃኒ» እንደሚባል ቀድመው ሰምተው ነበርና ነጠላቸውን ወደ አፋቸው ሳብ አድርገው ዝም አሉ። ጎረቤት ጠጥቶ ከሄደ በኋላ ነው «የፈረንጅ ስም አወጡላቸው፤ እሳቸውን ጣሏቸው» ያሉኝ።

ነገሩ ለምን እንደከበዳቸው ለመረዳት አንድ ነገር ማወቅ ያስፈልጋል። እማማ ባለቤታቸውን በሕይወት ሳሉ አንድም ቀን በስማቸው ጠርተዋቸው አያውቁም። በእሳቸው ዘመንና አስተዳደግ ሚስት ባሏን በስም አትጠራም ነበር፤ «እሳቸው»፣ «የቤቱ ጌታ» ሲሉ ነው የኖሩት። ያን ስም በልጅ ልጆቻቸው ላይ በነፃነት ለመጥራት ስድስት ዓመት ሲጠብቁ እንደነበር እኔ የተረዳሁት ያን ዕለት ነው።

ስለዚህ ጥያቄዬ ይህ ነው። ሆንዛ፣ ዩሃኒና ጃኒ በእርግጥ ከዮሐንስ የወጡ ናቸው ወይስ ዘመዶቼ በመመሳሰል ብቻ የመረጧቸው ናቸው? ከሆኑስ «ዮሐንስ» እንዴት ብሎ «ሆንዛ» ይሆናል? ባለቤቴ ደግሞ «ጃክም ዮሐንስ ነው» ይላል፤ ለእኔ ግን ጃክ ያዕቆብ ይመስለኛል። እማማ ዳዊት የሚደግሙ፣ ማስረጃ የሚወዱ ሴት ስለሆኑ «አንድ ነው አሉ» ብዬ ላሳምናቸው አልችልም፤ ከፊደሉ ጀምሮ ላስረዳቸው እፈልጋለሁ።

የኮተቤው መምህር

እህቴ፣ ሦስቱም ያለ ጥርጥር የዮሐንስ ስሞች ናቸው። ከፊደሉ ለመጀመር ማሰብዎም ትክክል ነው፤ የዚህ ስም ጉዞ በአንዲት ፊደል፣ በሐመሩ ሐ፣ ላይ ይታያልና።

ስሙ በዕብራይስጥ ዮሐናን ነው። ሁለት ቃላት የተጋጠሙበት ሲሆን የመጀመሪያው የእግዚአብሔር ስም በአጭሩ፣ ሁለተኛው ደግሞ «ራራ፣ ጸጋን ሰጠ» የሚል ግስ ነው። ሐና የሚለው የሴት ስም ከዚያው ግስ ሥር የወጣ ነው። ሐናንያ የሚለውም ዮሐናን ተገልብጦ ነው፤ ግሱ ከፊት፣ ስመ እግዚአብሔር ከኋላ ሆነ እንጂ ትርጉሙ ያው ነው። በሰፈራችሁ ሐና የምትባል ልጅ ካለች እንግዲህ የአያታችሁ ስም እኩሌታ በእሷ ላይ አለ። የእኛ ሊቃውንት ዮሐንስን «ፍሥሐ ወሐሴት» ብለው ሲተረጉሙት መልአኩ ለዘካርያስ ደስታና ተድላ ይሆንልሃል ያለውን ይዘው ነው።

ስሙ ወደ ግሪክኛ ሲገባ ግሪኮች ሐመሩን ሐ የሚመስል ፊደል በዚያ ቦታ አልነበራቸውምና ጣሉት፤ በስተመጨረሻም የወንድ ስም መድረሻ የሆነችውን ስ ቀጥለው ኢዮአኔስ አሉት። ማርቆስ፣ ጴጥሮስ፣ ጳውሎስ፣ ኤልያስ ስንል የምንሰማት ስ ያቺው የግሪክ ስ ናት። ግዕዝ ይህችን ስ ተቀበለ፤ ሐመሩን ሐ ግን እንደ ዕብራይስጡ ይዟታል። «ዮሐንስ» ብለን ስንጽፍ ሆዱ የሴም፣ ጅራቱ የግሪክ የሆነ ስም ነው የምንጽፈው። ከአርባ ዓመት በላይ ይህን ፊደል ሳስተምር ኖሬ አሁንም ያስደንቀኛል። ዐረብኛ ተናጋሪ ክርስቲያኖች ዩሐና ሲሉ ሐን ጠብቀው ስን ትተዋል፤ ሙስሊም ወንድሞቻችን ያሕያ የሚሏቸው ነቢይም እኚሁ ዘካርያስ የወለዷቸው ናቸው።

አሁን ወደ አውሮፓ እንሻገር። በላቲን ስሙ ዮሃኔስ ሆነ፤ ሲነበብ ድምፅ የሚጠነክረው መካከሉ ላይ፣ «ሃ» ላይ ነው። ሕዝቡ ረጅሙን ስም ለቤት አገልግሎት ማሳጠር ሲጀምር አንዳንዱ ራሱን ይዞ ጅራቱን ጣለ፤ አንዳንዱ ደግሞ ጠንካራውን መካከል ይዞ ራሱን ጣለ። ራሱን የያዙት ያን፣ ጆን፣ ዣን፣ ዮን፣ ዩሃ አሉ። መካከሉን የያዙት ጀርመኖች ሃንስና ሃነስ፣ ፊንላንዶች ሃኑ፣ ጣሊያኖች ቫኒና ናኒ አሉ። የማተሚያን ጥበብ ያስፋፋው ዮሃነስ ጉተንበርግ እንኳ በዘመኑ ሰነዶች «ሄነ» ተብሎ ተጽፎ ይገኛል፤ ይህም የመካከሉ ክፍል ነው። ሁለቱን ወገኖች ጎን ለጎን ላያቸው ሰው፣ ለምሳሌ «ያን» እና «ሃንስ» ሲል፣ ከ«ን» በቀር የጋራ ፊደል ማግኘት ይቸግረዋል፤ ሁለቱም ግን የአንድ ዳቦ ቁራሾች ናቸው።

የመጀመሪያዋ ድምፅም በየአገሩ ተለውጣለች። ላቲኑ ላይ «ዮ» የነበረው በጥንታዊ ፈረንሳይኛ ወደ «ጀ» ተጠግቶ ጄሃን ተባለ፤ እንግሊዞች በዚያን ጊዜ አገራቸውን ከያዙት የሰሜን ፈረንሳይ ሰዎች፣ ከኖርማኖች፣ ወስደውት ጆን ብለው አስቀሩት። ፈረንሳዮቹ ግን አልቆሙም፤ ድምፁን አለስልሰው ዣን አደረጉት። አየርላንዶች ያንኑ የኖርማኖች ስም ሲቀበሉ «ጀ» የሚል ድምፅ በቋንቋቸው ስላልነበረ «ሾን» አሉ፤ ከዚያ በፊት ከላቲን በቀጥታ የወሰዱት «ኦይን» የሚል ሌላ ዮሐንስ ስለነበራቸው ዛሬ ሁለቱም አሏቸው። ስፔኖች ከጉሮሮ አውጥተው ሁዋን፣ ፖርቱጋሎች በአፍንጫቸው ዡዋው ይላሉ። ነገራችን ነክቶታልና ልጨምር፤ ፖርቱጋሎች እ.ኤ.አ. በ1520 ወደ አገራችን በመጡ ጊዜ ዐፄ ልብነ ድንግልን «ፕረስተ ዡዋው» ብለው ነበር የሚጠሯቸው፤ «ቄሱ ዮሐንስ» ማለት ነው። ንጉሡ ስማቸው ዮሐንስ አልነበረም፤ አውሮፓ ግን በምሥራቅ አለ ብላ ለብዙ ዘመን ስትፈልገው የኖረችውን ክርስቲያን ንጉሥ በዚህ ስም ነበር የምታውቀው።

የቶሪኖው ጃኒ ቀላሉ ነው። ሙሉው ጆቫኒ ነው፤ «ጆቫኒ» በፍጥነት ሲጠራ መካከሉ ተውጦ ጃኒ ይሆናል። የሄልሲንኪው ዩሃኒም ከሦስቱ ሁሉ ለዋናው የቀረበ ነው፤ ዮሃኔስ ላይ ስ ቀርታ አናባቢዎቹ በፊንላንድኛ ጠባይ ተለወጡ እንጂ ሌላ የጎደለው ነገር የለም። ለእማማ ይህን ይንገሩልኝ። ፊንላንዶች የበጋቸውን ታላቅ በዓል «ዩሃኑስ» ይሉታል፤ በመጥምቁ ዮሐንስ ስም ነው፤ ማምሻውን በሐይቅ ዳር እሳት ያነዳሉ። እኛም የቅዱስ ዮሐንስ ዋዜማ ማታ ችቦ እንለኩሳለን። ልደቱን ቤተ ክርስቲያናችን ሰኔ 30 ቀን ታከብራለች፤ ይህ ቀን በቀድሞው የዩልዮስ አቆጣጠር ጁን 24 ነው፤ ምዕራባውያንም በራሳቸው አቆጣጠር ጁን 24 ያከብሩታል። ስሙ ብቻ ሳይሆን ቀኑም አንድ ነው።

ሆንዛን በተመለከተ ከጀርመንኛው ሃንስ እንደመጣ አውቃለሁ፤ የስላቮችን ቋንቋ የሚያውቅ ሰው ቢያስረዳ ግን ይሻላል።

የአቃቂው መሐንዲስ

ስሜ ዮሐንስ ስለሆነ ይህን ጥያቄ በዝምታ ማለፍ አልቻልኩም።

በደርግ ዘመን ወደ ሶቭየት ኅብረት ሄጄ በካርኮቭ ከተማ ምሕንድስና ተምሬያለሁ። የተማሪዎች ማደሪያ በር ላይ የሚቀመጡ አንዲት አሮጊት ነበሩ፤ ቁልፍ የሚሰጡትም፣ ሌሊት ያመሸውን የሚቆጡትም እሳቸው ናቸው። በገባሁበት ቀን ስሜን ጠየቁኝ። «ዮሐንስ» ስላቸው ሁለት ጊዜ ሞክረው አልሆነላቸውም፤ በተለይ ሐመሩ ሐ ላይ ጉሮሯቸው እምቢ አለ። በመጨረሻ «የመጥምቁ ስም ነው?» አሉኝ፤ ቋንቋውን ገና ስለማላውቅ አብሮኝ የነበረው ልጅ ተረጎመልኝና ራሴን ነቀነቅሁ። «እንግዲያማ ኢቫን ነህ» ብለው በመዝገባቸው ጻፉ። ሃይማኖት በይፋ በማይነሣበት አገር ስለ መጥምቁ የጠየቁኝ የመጀመሪያዋ ሰው እሳቸው ነበሩ።

የመጀመሪያውን ወር ኢቫን ነበርኩ። ሁለተኛው ወር ላይ ቫንያ ሆንኩ፤ ይህ ለሚያውቁትና ለሚቀርቡት ሰው የሚባል ነው። ክረምቱ ገብቶ ሳንባዬን ታምሜ በተኛሁ ጊዜ ሻይና የእንጆሪ ማርማላታ ይዘው መጥተው «ቫኔችካ» አሉኝ፤ ይህ እናት ለልጇ የምትለው ነው። ከተዳንኩ በኋላ በሩ ከተዘጋ ደርሼ ሳንኳኳ ደግሞ ከውስጥ «ቫንካ!» የሚል ድምፅ ወጣ፤ ይህኛው «አንተ ባለጌ» እንደማለት ይሻክራል። በአንድ ዓመት ውስጥ በአንድ ስም አራት ጠባይ አየሁ። እኛ ይህን የምናደርገው «አንተ»፣ «አንቱ» እና «እርስዎ» በማለት ነው፤ ሩሲያዎች ግን ስሙን ራሱን ይቆርጡታል፣ ይቀጥሉታል።

ስለ አመጣጡ መምህሩ ያሉትን ላሟላ። ሩሲያዎች ስሙን የወሰዱት ከላቲን ሳይሆን ከግሪክ ቤተ ክርስቲያን ነው፤ እንደ እኛ ማለት ነው። በቤተ ክርስቲያን አጻጻፋቸው እስከ ዛሬ «ኢዮአን» ይባላል። ሕዝቡ አፍ ውስጥ ገብቶ ሲመላለስ መካከል ላይ ያለው «ኦ» ወደ «ቭ» ተለወጠና ኢቫን ሆነ። የግሪክን መድረሻ ስ ስላቮች ቆርጠው ይጥላሉ፤ ማርቆስን ማርክ፣ ጴጥሮስን ፒዮትር እንደሚሉ ሁሉ። ሰርቦች ዮቫን ይላሉ፤ ቡልጋሮችና ክሮአቶች እንደ ሩሲያዎቹ ኢቫን ይላሉ። አርመኖች ግን ሆቭሃነስ ሲሉ ስንም አልጣሉ፤ ከሁሉም ይልቅ ለእኛ ጆሮ የሚቀርበው ይህ ነው።

ቼኮችና ፖላንዶች ቋንቋቸው ስላቭ ቢሆንም ሃይማኖታቸውን ከምዕራብ ስለተቀበሉ ኢቫን አይደለም የያዙት፤ ያን ነው። እ.ኤ.አ. በ1415 በኮንስታንስ ከተማ በእሳት የተቃጠለው የቼኮቹ ሰባኪ ያን ሁስ ይባላል። ቼኮች ደግሞ ለብዙ መቶ ዓመታት ከጀርመኖች ጋር አጥር ለአጥር ኖረዋል። ጎረቤት ሃንስ ብሎ ልጁን ሲጠራ ይሰማሉ፤ ያንን ወስደው በራሳቸው አፍ «ሆንዛ» አሉት፤ ቀስ በቀስም ያን የሚባል ሰው ሁሉ የቤት ስሙ ሆንዛ ሆነ። ለእማማ በአንድ ትንፋሽ እንዲህ ይበሉልኝ፤ ሆንዛ ሃንስ ነው፣ ሃንስ ዮሃኔስ ነው፣ ዮሃኔስ ዮሐንስ ነው።

እናቱ ስታባብለው ያለችው «ሆንዚክ» በቁልምጫ ላይ የተጨመረ ቁልምጫ ነው። ዮሐንስን ዮኒ ካልነው በኋላ «ዮኒዬ» እንደምንለው ማለት ነው። ሕፃን ሲያለቅስ አንዱ ቁልምጫ አይበቃም።

የቡራዩ ነዋሪ

የተጻፈውን ሁሉ በአክብሮት አንብቤያለሁ፤ ትምህርትም አግኝቻለሁ። ነገር ግን እኔ ከእማማ ጋር ነኝ። የስም ሥር አንድ መሆኑና ስሙ አንድ መሆኑ የተለያየ ነገር ነው። ልጁ ነገ አድጎ ሱሉልታ ቢመጣ፣ በአያቱ መቃብር ላይ የተጻፈውን አይቶ የራሱ ስም መሆኑን በምን ያውቃል? አዋቂ ሰው ካላስረዳው በቀር አያውቅም። ስም የሚወጣው ለመዝገበ ቃላት ሳይሆን ለጆሮ ነው። ወላጆቹ ዮሐንስ የሚለውን እንዳለ ቢያወጡት ምን ይጎዳቸው ነበር? አውሮፓ ውስጥ ዮሃነስ ተብሎ የሚጠራ ሰው ሞልቷል፤ ማንም አይስቅባቸውም ነበር።

ሰነድ ተርጓሚ፣ ከሰበታ

የቡራዩው ወንድሜ ያነሡት ነጥብ በሥራዬ በየቀኑ የሚያጋጥመኝ ስለሆነ ልመልስ።

በመጀመሪያ ወንድምዎ የልጁን የልደት የምስክር ወረቀት ፎቶ አንሥቶ እንዲልክልዎ ይጠይቁ። ሆንዛ የቤት ስም ነው፤ በቼክ ሰነድ ላይ የሚጻፈው አብዛኛውን ጊዜ ያን ነው። እማማ የሰሙት የእናቱን ቁልምጫ እንጂ የልጁን ስም ላይሆን ይችላል። እኛም አገር ቴዎድሮስ ተብሎ የተመዘገበውን ልጅ እናቱ በመስኮት «ቴዲ» ብላ ነው የምትጠራው፤ ይህን የሰማ እንግዳ ልጁ ቴዎድሮስ አይባልም ቢል ተሳስቷል። ጃኒና ዩሃኒ ግን ራሳቸውን ችለው በሰነድ ላይ የሚጻፉ ስሞች ናቸው።

አንድ ሰው በአንድ ዕድሜ ውስጥ በብዙ የዮሐንስ መልክ ሊኖር እንደሚችልም ልናገር። እ.ኤ.አ. በ1865 የተወለደው ታዋቂው የፊንላንድ የሙዚቃ ደራሲ ሲቤልየስ ሲጠመቅ የወጣለት ስም ዮሃን ነበር፤ ቤተሰቡ ያነ እያሉ ይጠሩት ነበር፤ ዓለም ደግሞ ዣን ብሎ ያውቀዋል። የስዊድኑን፣ የፊንላንዱንና የፈረንሳዩን መልክ አንድ ሰው ለብሷል። በእርግጥ ልጁ አድጎ ሱሉልታ ሲመጣ የሚያስረዳው ሰው ያስፈልገዋል፤ እኔ ግን ይህን እንደ ጉድለት አላየውም፤ የአያቱን መቃብር የሚያሳየው ሰውም ለማንኛውም ያስፈልገዋልና።

ጃክን በተመለከተ ባለቤትዎ ትክክል ናቸው። እንግሊዞች በመካከለኛው ዘመን ከፍላንደርስ (በዛሬዋ ቤልጅየም አካባቢ) ሰዎች «ኪን» የምትል የቁልምጫ መድረሻ ወስደው ጃንኪን ማለት ጀመሩ፤ «ትንሹ ዮሐንስ» እንደማለት ነው። ይህ ጃኪን፣ በኋላም ጃክ ሆነ። የአሜሪካው ፕሬዝዳንት ጆን ኬኔዲ በቤተሰቦቻቸውና በወዳጆቻቸው ዘንድ ጃክ የሚባሉት ለዚህ ነው። እርስዎን ያሳሳተዎ የፈረንሳዩ ዣክ ይመስለኛል፤ እሱ በእርግጥ ያዕቆብ ነው። ጃክሰን፣ ጄንኪንስ፣ ጆንስ፣ ኤቫንስ የሚሉት የእንግሊዝና የዌልስ የቤተሰብ ስሞችም የተለያየ ቤት መስለው የቆሙ የዮሐንስ ልጆች ናቸው።

የበለጠ መጠንቀቅ የሚያስፈልገው ዮናስ ላይ ነው። ዮናስ በዕብራይስጥ ርግብ ማለት ሲሆን ዮናታን ደግሞ «እግዚአብሔር ሰጠ» ማለት ነው፤ ሁለቱም ከዮሐንስ ጋር የሥጋ ዝምድና የላቸውም። እኛ ሦስቱንም ዮኒ ስለምንል ተቀላቅለውብናል። በጀርመንና በስዊድን ዮናስ የሚባል ሰው ብታገኙ ነቢዩ ዮናስ ነው፤ በሊቱዌንያ ዮናስ የሚባል ሰው ብታገኙ ግን ዮሐንስ ነው፤ በላትቪያና በግሪክ ደግሞ ዮሐንስን ያኒስ ይሉታል። ይህን የምለው ለጨዋታ አይደለም። አንድ ደንበኛዬ አባታቸው ዮሐንስ ይባላሉ፤ የአባታቸው ስም በትምህርት ማስረጃቸው በአንድ አጻጻፍ፣ በልደት ካርዳቸው በሌላ፣ በፓስፖርታቸው በሦስተኛ አጻጻፍ በላቲን ፊደል ተጽፎ ነበር። አንደኛው «የ»ን በሚወክለው ፊደል፣ ሌላው «ጀ» ተብሎ በሚነበበው፣ ሦስተኛው አንዲት «ነ» ጎድሎት። ለቤተሰብ ማገናኘት ያቀረቡትን ማመልከቻ አንድ መሥሪያ ቤት «ሦስት የተለያዩ አባቶች» ብሎ መለሰባቸው። ስም በሰነድ ላይ አይተረጎምም፤ አንድ አጻጻፍ ተመርጦ እስከ መጨረሻው ይያዛል። አዲስ የተወለደ ልጅ ያላችሁ ሁሉ ከመጀመሪያው ወረቀት ጀምሮ ይህን ጠብቁ።

ጀሞ 3

እኔ በቋንቋ ዕውቀት የለኝም፤ ኳስ ግን ከልጅነቴ ጀምሮ ሳይቋረጥ አይቻለሁ። ይህን ካነበብኩ በኋላ የማውቃቸውን ስሞች አንድ በአንድ ስመለከት የቀድሞው የአርሴናል በረኛ የንስ ሌማን ዮሐንስ ነው፤ እኛ «ጄንስ» ስንለው የኖርነው ፊደሏን እንደ እንግሊዝ እያነበብን ነው። የሆላንዱ ክራይፍ በሙሉ ስሙ ሄንድሪክ ዮሃነስ ነው። ሁዋን ማታ ዮሐንስ ነው፤ ኢቫን ራኪቲችም፣ ጆን ቴሪም እንዲሁ። ጃንሉዊጂ ቡፎን ስሙ ተከፍሎ ሲታይ ጃን እና ሉዊጂ ነው፤ መጀመሪያው ያው የቶሪኖው ጃኒ ነው፤ ቡፎንም ለብዙ ዓመት የተጫወተው ቶሪኖ ላይ በጁቬንቱስ ነው። የቅርጫት ኳሱ ያኒስ አንቴቶኩንፖም የግሪክ ዮሐንስ ነው። እህቴ፣ ለእማማ የእነዚህን ሰዎች ስም ባይነግሯቸውም ለልጆቹ ሲያድጉ ይንገሯቸው።

የኮተቤው መምህር

ለቡራዩው ወንድሜ አንድ ቃል ብቻ። በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 1 የመጥምቁ ስም ሲወጣ ዘመድ ሁሉ የተቃወመው «ከወገናችሁ በዚህ ስም የተጠራ የለም» ብሎ ነው። አንደበቱ የተዘጋው አባት ጽሕፈት አስመጥቶ ስሙ ዮሐንስ መሆኑን ጻፈ። ይህ ስም ገና ከመውጣቱ ለዘመድ ጆሮ እንግዳ ነበር። እማማ ዳዊት የሚደግሙ ከሆነ ይህን ምዕራፍ በሚገባ ያውቁታልና ከዚህ ቢጀምሩላቸው መልካም ይመስለኛል። ልጆቹ ደግሞ በአርባ ቀናቸው በቤተ ክርስቲያናችን ተጠምቀው ከሆነ የክርስትና ስማቸው ምን እንደሆነ ይጠይቁ።

የሱሉልታ ልጅ (ጠያቂ)

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። የሆነውን ልንገራችሁ።

ወንድሜ የምስክር ወረቀቱን ፎቶ ላከልኝ፤ ተርጓሚው እንዳሉት «ያን» ይላል። ቅዳሜ ማታ እማማ ላሞቹ ከታለቡ በኋላ ጋቢያቸውን ለብሰው ሲቀመጡ ከሉቃስ ጀመርኩ። ገና «ዘካርያስ» ስል ቀሪውን ራሳቸው ጨረሱልኝ። ከዚያ ሐመሩን ሐ፣ የግሪኩን ስ፣ ራሱን የያዙትንና መካከሉን የያዙትን በወረቀት ጽፌ አሳየኋቸው። የመሐንዲሱን የአንድ ትንፋሽ ንግግር ሁለት ጊዜ አስደገሙኝ።

ቀጥለው ፎቶውን እንዳሳያቸው ጠየቁ። የላቲን ፊደል አያነቡም፤ ጣታቸውን በየፊደሉ ላይ አድርጌ «ይቺ የ ናት፣ ይቺ አ ናት፣ ይቺ ን ናት» አልኳቸው። ቆይተው «ሐመሩስ የታለች?» አሉኝ። በመንገድ ላይ ወድቃ እንደቀረች፣ ሃንስ በሚለው ላይ ግን ድምፁ ተርፎ እንዳለ ነገርኳቸው። «እንግዲህ እናቱ ስታባብለው ይዛታለች ማለት ነው» አሉ። እኔ ይህን አላሰብኩትም ነበር፤ ሆንዛ ከሃንስ ስለመጣ ወረቀቱ ላይ የጠፋው «ሀ» በእናቱ አፍ ላይ አለ።

ጃኒን ገና አልተቀበሉትም፤ «የጣሊያኑን ቆይ እናያለን» ብለዋል። የክርስትና ስማቸውን ጠይቄ የሄልሲንኪው ወልደ ዮሐንስ መሆኑን ሰምቻለሁ፤ ሌሎቹ ገና አልተጠመቁም። እማማ በዚህ ጉዳይ ራሳቸው ሊያነጋግሯቸው አስበዋል።

ትናንት እሁድ እንደተለመደው ስልኩን ረከቦቱ ላይ አስደገፍኩ። ሕፃኑ አሁንም ያለቅስ ነበር። እናቱ «ሆንዚክ» እያለች ስትወዘውዘው እማማ ወደ ስልኩ ጎንበስ ብለው «ሆንዝዬ፣ የኔ ጌታ» አሉት። የወንድሜ ሚስት ልጁን ደረቷ ላይ እንደያዘች «ሆንዝዬ ምን ማለት ነው?» ብላ ጠየቀችኝ።